ከጎንደር ሳይወጡ ዘጋቢ ፊልም ፕሮዲውስ ማድረግ፦ ተደጋግመው የሚጠየቁ ጥያቄዎች

ጎንደር ላይ ካሜራ ይዞ የታየ ሰው መጀመሪያ «የማን ሠርግ ነው?» ይባላል። ሠርግ አይደለም ሲል «ለየትኛው ጣቢያ ነው?» ይከተላል። ለጣቢያም እንዳልሆነ ሲታወቅ ጠያቂው በሐዘኔታ አይቶኝ «ታዲያ ማን ይከፍልሻል?» ይለኛል። ከዚያ በኋላ የሚመጡትን ጥያቄዎች ነው እዚህ የሰበሰብኩት። ፒያሳ ቡና ላይ የተጠየቅሁት አለ፣ በቴሌግራም የመጣ አለ፣ አንዱን ደግሞ የሰፈራችን እናት በር ላይ አቁመው ነው የጠየቁኝ።

ፕሮዲውሰር ማለት ገንዘብ የሚያወጣው ሰው አይደለም እንዴ?

በአዲስ አበባ የሲኒማ ፊልም ብዙ ጊዜ እንደዚያ ነው፤ ነጋዴው ገንዘቡን ያወጣል፣ ስሙ ፖስተሩ ላይ ይወጣል። ቴሌቪዥን ላይ «አዘጋጅ» የሚባለው ደግሞ ጋዜጠኛው ራሱ ነው። በዘጋቢ ፊልም ግን ፕሮዲውሰር ባለ ገንዘብ ሳይሆን ባለ ዕዳ ነው። ገንዘብ የሰጠው ፈንድ ፊልም ይጠብቅበታል፣ ካሜራማኑ የቀን ሒሳቡን፣ የተቀረጸው ሰው ደግሞ የተገባለትን ቃል። ዳይሬክተሩ «እንዴት ይታይ?» እያለ ሲጨነቅ ፕሮዲውሰሩ የሚጨነቀው ማን ፈቀደ፣ በምን ይከፈላል፣ መቼ ያልቃል፣ የት ይታያል በሚለው ነው።

እኛ ጋ አንድ ሰው ሁለቱንም ሆኖ ይሠራል። እኔም የመጀመሪያውን ፊልሜን እንደዚያ ነው የሠራሁት፤ አልመክርም። ዳይሬክተሯ እኔ «አንድ ሳምንት እንጨምር» ስትል ፕሮዲውሰሯ እኔ የአልጋ ሒሳብ ትደምራለች፣ ሁልጊዜም ከሁለታችን አንዷ አኩርፋ ታድራለች።

«ኢንዲፔንደንት» ሲባል ነጻ የሚሆኑት ከምንድን ነው?

ከደመወዝ። ቀልዱን ትተን፣ ርዕሱን ራሳችሁ መርጣችሁ የፊልሙን መብት ራሳችሁ ትይዛላችሁ ማለት ነው። ለመሥሪያ ቤት የተሠራ ቪዲዮ የመሥሪያ ቤቱ ነው፤ ገለልተኛ ፕሮዲውሰር የሠራው ግን፣ ውሉ ላይ ካልሸጠው በቀር፣ የሱ ነው። በቅጂና ተዛማጅ መብቶች አዋጅ (ቁጥር 410/1996) መሠረት የኦዲዮቪዥዋል ሥራ ጥበቃ 50 ዓመት ነው። ይህን ሳያውቁ «ጥሬ ምስሉን ጨምረሽ አስረክቢ» የሚል ውል የፈረሙ ስንት ልጆች አሉ! ከመፈረማችሁ በፊት ጥሬ ምስሉ የማን እንደሚሆን አንብቡ።

ልጄ ካሜራ ካልገዛሽልኝ ብሎ አስቸገረኝ። ስንት ብር ይበቃዋል?

እናቴ፣ መጀመሪያ ማይክ ይግዙለት። በስልኩ ይቅረጽ፣ ድምፁን ግን በደንብ ይያዝ። ተመልካች ለደብዛዛ ምስል ይቅርታ ያደርጋል፤ ንግግሩ ካልተሰማው ግን ይነሳል። ጎንደር ደግሞ ጸጥ የምትልበት ሰዓት ጥቂት ነው፤ ባጃጁ አለ፣ የቤተ ክርስቲያኑ ድምፅ ማጉያ አለ፣ ጎረቤት የሚበየደው በር አለ። ደረት ላይ የሚሰካ ፒን ማይክና የጆሮ ማዳመጫ ካለው ግማሹን ትምህርት ጨርሷል።

ካሜራውን ሲፈልግ ይከራይ። ከሠርግ ስቱዲዮዎች ጥሩ ካሜራ በቀን ኪራይ ይገኛል፤ ጥርና ሚያዝያ ላይ ግን አይሞክር። የሠርግ ወቅት ስለሆነ ካሜራውም ካሜራማኑም አይገኝም፣ ቢገኝም ዋጋው አይቀመስም። አንድ ነገር ከአሁኑ ይልመድ፦ ቀረጻውን 25 ፍሬም (ምስል) በሰከንድ፣ ሸተሩን፣ ማለትም ለእያንዳንዱ ምስል ብርሃን የሚገባበትን ጊዜ፣ የሰከንድ 1/50 ላይ ያድርግ። የአገራችን መብራት 50 ኸርዝ ነው፤ ስልኩ እንደመጣ 30 ላይ ከተወው ቢሮ ውስጥ የቀረጸው ሁሉ ሲርገበገብ ያየዋል።

ስለ ፋሲል ግንብ ፊልም ብሠራ ይሸጥልኛል?

ግንቡን ያልቀረጸ ማን አለ? የፋሲል ግቢ በዩኔስኮ መዝገብ የሰፈረው እ.ኤ.አ. በ1979 ነው፤ ከዚያም በፊት ከዚያም በኋላ የመጣ ካሜራ ሁሉ ያንኑ ማማ ከዚያው ማዕዘን ይዞ ሄዷል። «ጎንደር የተቆረቆረችው በ1628 ዓ.ም. ገደማ በዐፄ ፋሲለደስ...» ብሎ የሚጀምር ተራኪ ከሰማሁ ቀሪውን በቃሌ ልነግራችሁ እችላለሁ።

ፊልም ሰው ይፈልጋል። ግንቡን መሥራት ካማራችሁ ኖራውን ተከተሉ። የጥንቶቹ ግንበኞች ድንጋዩን ያያያዙት በኖራ ነበር። በጣልያን ጊዜ በሲሚንቶና በብረት የተደረገው ጥገና ሕንጻውን ስለጎዳው በኋላ የመጡት ጠጋኞች ያንን አንስተው ወደ ኖራ ተመለሱ። ኖራ ሲቦካ የዋለ እጁ የተላጠ ግንበኛ፣ ልጁ ብሎኬት ሥራ የሚሻለው መስሎት ሙያውን የማይፈልግ፣ እንዲህ ያለ ሰው ካገኛችሁ ግንቡ ከኋላ ራሱ ይታያል። ቡርቧክስ ብትሄዱ ደግሞ የአዝማሪዎች መንደር ነው፤ በመካከላቸው ብቻ የሚግባቡበት ቋንቋ አላቸው። እዚያ ያለው ፊልም ማሲንቆው ላይ አይደለም። ማሲንቆውን ላለመያዝ የወሰነችው ልጅ ላይ ሊሆን ይችላል።

ፈቃድ የሚሰጠው ማን ነው?

ይህችን ጥያቄ በአንድ መስመር የሚመልስ ሰው ካገኛችሁ አስተዋውቁኝ።

በአገራችን ሥራ የሚንቀሳቀሰው በትብብር ደብዳቤ ነው። ከተማ ውስጥ ከሆነ ከባህልና ቱሪዝም ትጀምራላችሁ፤ ከዚያ ክፍለ ከተማ፣ ቀበሌ፣ እንደ ቦታው ፖሊስ። ለግንቡና ለጥምቀተ ባሕሩ የቅርስና የቱሪዝም ሰዎች አሉ፤ ለንግድ ቀረጻ ክፍያም አለው። ለቤተ ክርስቲያን ሀገረ ስብከቱ ይጽፍላችኋል፣ ደብሩ ደግሞ በራሱ ይወስናል። ሰሜን ተራሮች ከሆነ ደባርቅ ያለው የፓርኩ ጽሕፈት ቤት ነው፤ ጠመንጃ የያዘ ስካውት (የፓርክ ጠባቂ)ም አብሯችሁ ይወጣል፣ የሱን ቀለብና የቀን ክፍያ በጀት ውስጥ አስገቡ። ከውጭ አገር ለሚመጣ ቡድን ነገሩ የሚጀምረው አዲስ አበባ ነው፤ ያለዚያ ዕቃው ጉምሩክ ላይ ይቀራል።

ደብዳቤው ላይ ስማችሁን፣ የእያንዳንዱን ባልደረባ ስም፣ የካሜራውን ዓይነትና ሴሪያል ቁጥር፣ ቀኑን ከዚህ እስከዚህ ብላችሁ አስጽፉ። አንድ ጊዜ ማኅተም የሞላበት ደብዳቤ ይዘን አንድ ደብር በር ላይ ቀረን። ዘበኛው ማንበብ የሚችሉ ሽማግሌ ነበሩ፤ «ለአንድ ባለሙያ» ይላል፣ እናንተ ሦስት ናችሁ አሉን። ትክክል ነበሩ። ተመልሰን አስተካክለን ስንመጣ ቅዳሴው አልቆ ሕዝቡ ተበትኗል። ሌላው ወጥመድ ሰኔ 30 ነው። የበጀት ዓመቱ ሲዘጋ ደብዳቤ የጻፈላችሁ ኃላፊ ይዛወራል፣ አዲሱ «እኔ የማውቀው ነገር የለም» ይላል፤ ሐምሌ ላይ እንደገና ትጀምራላችሁ።

ማኅተም ያለው ወረቀት በር ያስከፍታል እንጂ ሰው አያስከፍትም። የደብሩ አለቃ «ደብዳቤው ደርሶናል፣ እንመክርበታለን» ካሏችሁ እምቢታ አይደለም። ካሜራውን ቤት ትታችሁ ተመለሱ፣ ቁጭ በሉ፣ ይጠይቋችሁ። ደብረ ብርሃን ሥላሴ ጣሪያው ላይ ያሉትን የመላእክት ፊቶች ለመቅረጽ የመጣ ሁሉ ይቸኩላል፤ ፍላሽ መተኮስ ሥዕሉን እንደሚጎዳ ማንም ሳይነግራችሁ የምታውቁ መሆናችሁን ካዩ ግን አነጋገራቸው ይለወጣል። ከመጋረጃው ወዲያ ያለውን አትጠይቁ። መጠየቁ ራሱ ያስጠላችኋል።

ድሮን ማስነሳት ይቻላል?

ያለ ኢንፎርሜሽን መረብ ደኅንነት አስተዳደር ፈቃድ አይቻልም። አሁን ባለንበት ጊዜ ደግሞ በዚህ ክልል ሻንጣ ውስጥ ይዞ መገኘትም ጣጣ ነው። ከተማዋን ከላይ ማሳየት ካማራችሁ ጎሃ ሆቴል ያለበት ኮረብታ ላይ ወጥታችሁ ከጠዋቱ 12 ሰዓት ተኩል ላይ በረጅም ሌንስ ቅረጹ። የቤቶቹ ጭስ ሲነሳ ከድሮን የተሻለ ነው።

ሰውዬው «እሺ» ካለኝ በቃ አይደለም? ማስፈረም ለምን?

የ1952ቱ የፍትሐ ብሔር ሕጋችን አንቀጽ 27 የአንድን ሰው ምስል ያለ ፈቃዱ በአደባባይ ማሳየትን፣ ማባዛትንና መሸጥን ይከለክላል። አንቀጽ 28 የሚፈቅዳቸው አሉ፤ ሰውዬው ባለሥልጣን ወይም ታዋቂ ከሆነ፣ ወይም ምስሉ በአደባባይ ከተደረገ በዓልና ክንውን ጋር የተያያዘ ከሆነ ፈቃድ አያስፈልግም። ስለዚህ ጥምቀት ላይ የሚጨፍረውን ሕዝብ መቅረጽ አንድ ነገር ነው፣ ከጨፋሪዎቹ አንዷን ቤቷ ድረስ ተከትሎ ስለ ትዳሯ መጠየቅ ሌላ። የውጭ ጣቢያ ወይም አከፋፋይም ፊልሙን ከመግዛቱ በፊት የእያንዳንዱን ዋና ባለ ታሪክ የፈቃድ ወረቀት ይጠይቃል።

ወረቀቱ አማርኛ ይሁን፣ አንድ ገጽ ይሁን፣ ጮክ ብላችሁ አንብቡት። ማንበብ የማይችል ሰው ጣቱን ከማኖሩ በፊት የሚያምነው ዘመድ ይስማለት፤ ንባቡንም ቅረጹት። እኔ ሁለት ጊዜ ነው የማስፈቅደው፦ ቀረጻ ሲጀመር፣ ከዚያ ደግሞ ፊልሙ ተቆርጦ ሳይዘጋ። ጠላ የሚሸጡ አንዲት እናት ነበሩ። ሦስት ወር ሙሉ ካሜራ ፊት እንደ ልባቸው ሲያወሩ ቆይተው ቅጂውን ሳሳያቸው ስለ ልጃቸው የተናገሩትን አንድ ቦታ «ይቺን ተዪልኝ» አሉኝ። ፈንዱ በጣም የወደደው ትዕይንት እሱ ነበር። አወጣሁት። ፊልሙ ስድስት ደቂቃ አጠረ፣ ለአንድ ሳምንትም ከኤዲተሩ ጋር አልተነጋገርንም።

ለሚቀረጽ ሰው ይከፈለዋል?

ለቃሉ አይከፈለውም፤ ከተከፈለው የሚናገረው እናንተ የምትፈልጉትን ይሆናል። የሥራ ቀኑን ካበላሻችሁበት ግን መካስ ያለ ነው። ደምቢያ ላይ አንድ ገበሬ በአረም ወቅት ስንቀርጽ ሰው ቀጥረንለት፣ እኛም ወርደን አገዝን። ካሜራማናችን አረሙን ትቶ ጤፉን ነቀለ። ከዚያ ወዲያ ገንዘቡን መስጠት ይሻላል ተባለ።

አዝማሪ ሌላ ነው፤ ማሲንቆው ሥራው ነው፣ ይከፈለዋል። ዜማው የአገር ቢሆንም ያን ቀን ያዜመው የሱ ነው፤ የቅጂ መብት አዋጁም ከዋኙ ሳይፈቅድ ክዋኔው እንዳይቀረጽ ይላል። ይህን በጽሑፍ ያዙት፤ በኋላ «ዘፈኔን አሜሪካ ሸጠሽ» የሚል ሐሜት ይቀርላችኋል።

ገንዘቡ ከየት ነው የሚመጣው?

መጀመሪያ ከኪሳችሁ። ይህን ስል ሰው ቅር ይለዋል፣ ግን ፈንድ የሚባለው ሁሉ አጭር የተቀረጸ ማሳያ ሳያይ አያናግራችሁም፤ ያንን ማሳያ የሚያሠራ ፈንድ ደግሞ ጥቂት ነው።

ማመልከት የሚቻልባቸው አሉ። አምስተርዳም በየዓመቱ ኅዳር ላይ የሚካሄደው ኢድፋ የሚባለው የዘጋቢ ፊልም ፌስቲቫል ቤርታ ፈንድ የተባለ ክንድ አለው፤ ከአፍሪካ፣ ከእስያና ከላቲን አሜሪካ ለሚያመለክቱ ነው። የቶሮንቶው የዘጋቢ ፊልም ፌስቲቫል ሆት ዶክስ፣ ብሉ አይስ የሚባል ለአፍሪካ ዘጋቢ ፊልም የቆመ ፈንድ አለው። ናይሮቢ ያለው ዶኩቦክስ የምሥራቅ አፍሪካን ያያል፤ የቅርብ ጎረቤት ስለሆነ መጀመሪያ እሱን ሞክሩ። የደርባን ፊልምማርት ገንዘብ ከመስጠት ይልቅ ገንዘብ ካላቸው ጋር የሚያገናኝ ገበያ ነው።

አሁን ስለ ፕሮፖዛሉ። ከጎንደር የሚላኩ ማመልከቻዎችን አንዳንዴ ልጆች አምጥተው ያሳዩኛል፤ አሥር ካየሁ ስምንቱ «ዋና ዓላማ፣ ዝርዝር ዓላማ፣ የሚጠበቅ ውጤት» ብለው ይጀምራሉ። የድርጅት ፕሮፖዛል ስንጽፍ ስላደግን ነው። የፊልም ፈንድ ዳኛ «ለኅብረተሰቡ ግንዛቤ ማስጨበጥ» የሚለውን ሲያነብ ወረቀቱን ያስቀምጣል። እሱ የሚፈልገው ሰውዬው ማን ነው፣ ምን ይፈልጋል፣ ምን ከለከለው፣ አንተስ ለምን አንተ ነህ የምትሠራው የሚለውን ነው። የመጀመሪያው አንቀጽ ላይ ትዕይንት ጻፉ፦ ቅዳሜ ገበያ፣ ከጠዋቱ 1 ሰዓት፣ አንዲት ሴት የበርበሬ ጆንያዋን የምታራግፍበትን ቦታ ሌላ ሰው ይዞት አገኘች። በቃ፣ ዳኛው ቀጥሎ ምን እንደሆነ ማወቅ ይፈልጋል።

የአገር ውስጥ ቴሌቪዥንን ብዙዎች ይጠይቁኛል። ብዙ ጊዜ ጣቢያው አይከፍላችሁም፤ እናንተ ናችሁ የአየር ሰዓት ገዝታችሁ ስፖንሰር የምትፈልጉት። ስፖንሰርነቱ ደግሞ የአልኮል ማስታወቂያ በ2011 ዓ.ም. ከሬዲዮና ከቴሌቪዥን ከታገደ ወዲህ ቀጥኗል፤ ቢራ ፋብሪካ ያላት ከተማ ውስጥ ለምንሠራ ደግሞ ይህ በደንብ ይሰማናል።

የኤንጂኦና የመሥሪያ ቤት ቪዲዮ መሥራት ሙያውን አያረክሰውም?

ቤት ኪራይ የምከፍለው በዚያ ነው። የክትባት ዘመቻ፣ የመስኖ ምርቃት፣ የዓመት ሪፖርት፤ ሁሉንም ሠርቻለሁ፣ አላፍርበትም። ሁለት ነገር ብቻ አጥብቄ እይዛለሁ። ግማሹን ክፍያ ቀረጻ ከመጀመሩ በፊት እቀበላለሁ። ይህን ሕግ ያወጣሁት አንድ መሥሪያ ቤት ቪዲዮውን በበዓሉ ቀን በትልቅ ስክሪን አሳይቶ፣ አጨብጭቦ፣ ገንዘቤን ለአሥራ አንድ ወር ከያዘው በኋላ ነው። ሌላው፣ ለሪፖርት የቀረጽኩትን ሰው ለራሴ ፊልም አልጠቀምበትም። ሰውዬው እሺ ያለው ስለተቆፈረለት ጉድጓድ ውኃ እንዲናገር ነው።

ንግድ ፈቃድና የግብር ከፋይ መለያ ቁጥር አውጡ፤ ያለ ደረሰኝ እነዚህ ሥራዎች አይገኙም።

በጀት ላይ ሰው የሚሳሳተው የቱ ጋ ነው?

ዶላሩ ላይ። ሐምሌ 2016 ዓ.ም. ብር በገበያ ዋጋ ይወሰን ሲባል ከ57 ብር ገደማ የነበረው የአንድ ዶላር ምንዛሪ በጥቂት ሳምንታት ውስጥ ከመቶ አለፈ። እኔ ሰኔ ላይ በብር ውል ፈርሜ ሃርድ ዲስኩን ጥቅምት ላይ ነው የገዛሁት፤ ትርፌ እዚያ ቀረ። ከውጭ የሚገባ ዕቃ ሁሉ መጀመሪያ ይገዛ፣ ለመጠባበቂያም ከጠቅላላው አሥር በመቶ ይያዝ። ፈንዶችም ይህን ይጠብቃሉ፣ እንደ ስስት አያዩባችሁም።

ሁለተኛው ስሕተት ደረሰኝ ነው። አንድ የአውሮፓ ሒሳብ ሠራተኛ የበቅሎ ኪራይ ደረሰኝ ጠይቃኛለች። በቅሎዋ ከጃን አሞራ ናት፣ ባለቤቷ ቲን ቁጥር የለውም። አሁን ባዶ የወጪ ማረጋገጫ ወረቀት አትሜ እይዛለሁ፤ ቀን፣ ሥራ፣ መጠን፣ ስም፣ ፊርማ ወይም ጣት። ፎቶ አንስቼ እልካለሁ፤ እስካሁን ተቀብለውኛል። የበቅሎዋንም ፎቶ ጭምር።

ጥምቀትን ለመቅረጽ ምን ላዘጋጅ?

ጉልበት። ጥር 10 ከተራ፣ 11 ጥምቀት፣ 12 ቃና ዘገሊላ፤ ከተራው ከሰዓት በኋላ ታቦታቱ ሲወጡ ይጀምራል፣ ጥምቀቱ ደግሞ ከሌሊት። በዓሉ እ.ኤ.አ. በ2019 በዩኔስኮ የማይዳሰስ ቅርስ ሆኖ ከተመዘገበ ወዲህ የካሜራው ብዛት ጨምሯል፤ ጥሩ ቦታ የሚፈልግ ጥር 11 ከሌሊቱ 9 ሰዓት ተነስቶ መቆም አለበት።

በገንዳው ዙሪያ በየዓመቱ የሚተከለው የእንጨት ርብራብ ላይ አትውጡ። በጥር 2012 ዓ.ም. ተደርምሶ ሰው ሞቷል። ከመሬት ቅረጹ። ባትሪና ሚሞሪ ከሰውነታችሁ ጋር ይሁን፣ ቦርሳ አስቀምጦ መመለስ የሚባል ነገር የለም። ምክር ከጠየቃችሁኝ ደግሞ ውኃው ሲባረክና ወጣቱ ሲዘል የሚያሳየውን ምስል ለዜና ሰዎች ተዉት። ከበዓሉ ሁለት ሳምንት በፊት ሂዱና ከቀሃ ወንዝ ውኃው እንዴት እንደሚገባ፣ ገንዳውን ማን እንደሚጠርግ ተመልከቱ። እኔ እዚያ ከቀረጽኩት አንድ ጠዋት ያገኘሁትን ያህል ከሦስት ዓመት ጥምቀት አላገኘሁም።

የድሮ ጎንደርን የሚያሳይ ፊልም ከየት ይገኛል?

የጣልያን ዘመኑ ምስል ሮም ነው ያለው፤ ኢስቲቱቶ ሉቼ በሚባለው ቤተ መዛግብት። ጎንደር የጣልያን ጦር የመጨረሻ ምሽግ ሆና ኅዳር 1934 ዓ.ም. ስለወደቀች የእንግሊዞቹም ቀረጻ አለ፣ ለንደን ኢምፔሪያል ዋር ሙዚየም። ሁለቱም ጋ ማየት ይቻላል፤ ለፊልም መጠቀም ግን በጊዜ ርዝመት ይከፈላል፣ ክፍያውም ለስንት አገርና ለስንት ዓመት እንደምታሳዩት ይለያያል። የራሳችንን አያቶች ለማየት በደቂቃ መክፈል ያናድዳል። ግን የተቀረጸው በማን ዓይን እንደሆነ ፊልሙ ውስጥ መናገርን ማንም አያስከፍላችሁም።

የቅርቡን ደግሞ ሰው ቤት ፈልጉ። የሠርግ አልበም፣ ቪኤችኤስ ካሴት፣ የቀብር ፎቶ። ስካነሩን እናንተ ወደ ቤታቸው ውሰዱ እንጂ ፎቶውን ይዛችሁ አትውጡ።

ለቅጂው ምን ያህል ሃርድ ዲስክ ልግዛ?

በሰከንድ 100 ሜጋቢት የሚቀረጽ አንድ ሰዓት 45 ጊጋባይት ይወስዳል። ስልሳ ሰዓት ስትቀርጹ 2,700 ጊጋባይት ነው፤ በሦስት ቅጂ ሲያዝ ከስምንት ቴራባይት ያልፋል። ሦስት ቅጂ ቅንጦት አይደለም። ሁለቱ በተለያየ ዲስክ፣ ሦስተኛው በሌላ ሰው ቤት። የኔ ሦስተኛው አክስቴ ጋ ነው፣ ከጤፍ ዕቃው በላይ።

ከጸጥታው ጋር እንዴት ነው የምትሠሩት?

በጥቂቱ። በ2015 ሐምሌ መጨረሻ የታወጀው የአስቸኳይ ጊዜ አዋጅ አልፏል፣ ኢንተርኔትም ለወራት ተዘግቶ ነበር፤ አንድ ማመልከቻ ለመላክ ከአዘዞ በአውሮፕላን አዲስ አበባ ሄጄ አድሬ ተመልሻለሁ። አሁንም ገጠር ከመውጣታችን በፊት እዚያው ለሚኖር ሰው እንደውላለን፤ «ቆዩ» ካለ እንቆያለን፣ ለምን ብለን አንጠይቅም። ጥሬ ምስሉን በመንገድ ላይ አንይዝም። ፊቱ ቢታይ የሚጎዳ ሰው ካለ ኤዲት ላይ መሸፈን አይበቃም፤ ጥሬውም ሲጠፋ ወይም ሲወሰድ ፊቱ እዚያው ነው። አስቀድማችሁ ፊቱን ሳታሳዩ ቅረጹት። ያ ካልሆነ ተዉት፣ ከፊልም ሰው ይበልጣል።

ሴት መሆንሽ አያስቸግርሽም?

ማጀት የሚያስገባኝ እሱ ነው። ወንድ ካሜራማን ሳሎን ተቀምጦ ጠላ ሲቀዳለት እኔ ሊጡ ጋ ነኝ፤ ወሬው ደግሞ ያለው ማጀት ነው። ቢሮ ስንሄድ ግን ኃላፊው ከኔ ይልቅ ለሾፌሩ ያስረዳዋል።

አልቆ የት ይታያል?

ለቴሌቪዥን የተለመደው ርዝመት 52 ደቂቃ ነው። ለውጭ ፌስቲቫል ካሰባችሁ ዩቲዩብ ላይ አትጫኑት፤ ትልልቆቹ የመጀመሪያው ዕይታ የነሱ እንዲሆን ይፈልጋሉ። የማመልከቻ ክፍያ ካለ ደብዳቤ ጽፋችሁ ይቅርልን በሉ፣ ብዙዎች ይተዉላችኋል። ጥሩ የእንግሊዝኛ ጽሑፍ ከሥሩ ያስፈልጋል፤ ቅኔ ያለበትን ንግግር ለማሽን ትርጉም አትስጡ።

አከፋፋይ እምቢ ሲል ምን እንደሚደረግ ያሳየን የዚሁ ከተማ ልጅ ነው። ኃይሌ ገሪማ፣ ጎንደር ተወልዶ አሜሪካ የተማረና በሃዋርድ ዩኒቨርሲቲ ያስተማረ፣ እ.ኤ.አ. በ1993 «ሳንኮፋ»ን ሲጨርስ የአሜሪካ አከፋፋዮች አልፈለጉትም። እሱና ባለቤቱ ሺሪኪያና አይና በየከተማው ሲኒማ ቤት እየተከራዩ፣ የጥቁር ማኅበረሰቡን እያስተባበሩ ራሳቸው አሳዩት፤ ተመልካቹ ሞላው። ያ ልቦለድ ፊልም ነው፣ አገሩም ሌላ ነው። መንገዱ ግን ለኛም ይሠራል፤ አዳራሽ፣ ፕሮጀክተርና ሰው የሚያውቁ ሰዎች።

እኔ የመጀመሪያውን ፊልም ያሳየሁት የተቀረጸበት መንደር ትምህርት ቤት ነው፣ አንሶላ ሰቅለን፣ በጄኔሬተር። ሕዝቡ ስክሪኑን እያነጋገረ ይስቃል፣ እኛም ደስ ብሎናል። ከዚያ አንድ ሽማግሌ ታዩ፤ ቀረጻው ካለቀ በኋላ ያረፉ። ጸጥ አለ፤ ቀጥሎ ልጃቸው ጮኸች፣ ሴቶቹም ተቀበሏት፣ አዳራሹ ልቅሶ ቤት ሆነ። ጄኔሬተሩን አጠፋን። ለቤተሰቡ ብቻ አስቀድሜ ማሳየት ነበረብኝ። ቢያንስ ለልጅቱ መንገር ነበረብኝ። አሁን የማሳያ ዝግጅት ዝርዝሬ ላይ ከፕሮጀክተሩ በፊት የተጻፈው «ከተቀረጹት ያረፈ ሰው አለ?» የሚል ነው።

አንዱ ፊልም ስንት ጊዜ ይፈጃል?

የኔ ሦስት ዓመት ከአራት ወር። ከዚህ ውስጥ የተቀረጸው ሰባ ቀን አይሞላም።

ቤተሰቤ «ሥራሽ ምንድን ነው?» ሲሉኝ ምን ልበላቸው?

እናቴ ለጎረቤት የምትለውን ልንገርሽ፤ «ሰው ትቀርጻለች፣ ከዚያ እየዞረች ቃሏን ትመልሳለች» ትላለች። ከዚህ የተሻለ አላገኘሁም። የዕዳዬ ማስታወሻ የሚባል ደብተር አለኝ፤ ለማን ቅጂ፣ ለማን ፎቶ፣ ለማን ስልክ መደወል እንዳለብኝ የተጻፈበት። በዚህ ሳምንት ያልተሰረዙት ሁለት መስመሮች ናቸው። አንዱ የካሜራማኑ የመጨረሻ ክፍያ ነው። ሌላው ቁስቋም አጠገብ ያሉት እማሆይ፤ ፍላሽ ላይ ልጫንልዎት ስላቸው «ምን ላይ ሰክቼ?» ብለውኝ በወረቀት የታተመ ፎቶ ነው የጠየቁኝ። ፒያሳ ያለው ፎቶ ቤት ቀለም አልቆበት ሐሙስ ነይ ብሎኛል።